«ከዳረጎቴ ይቆረጥ» ብለው ከመፈረምዎ በፊት

የዛሬው ደብዳቤ የመጣው ከደብረ ማርቆስ አቅራቢያ ነው። ስድስት ገጽ ሙሉ፣ በእጅ የተጻፈ፣ ጽሕፈቱ እንደ ድሮ አስተማሪ ቀጥ ያለ። ሁሉንም ማውጣት ስለማልችል ዋና ዋናውን ላስቀድም።

«ሰኔ 2017 ላይ 60 ዓመት ሞልቶኝ ጡረታ ወጣሁ። በወረዳ ጽሕፈት ቤት የንብረት ክፍል በቋሚነት የሠራሁት 9 ዓመት ነው። ከዚያ በፊት እዚያው ቢሮ ሁለት ዓመት በኮንትራት ሠርቻለሁ። ከዚያም በፊት ከ2004 እስከ 2006 ቡሬ አንድ ዱቄት ፋብሪካ ሚዛን ላይ ነበርኩ። ዐሥር ዓመት ስላልሞላህ የወር ጡረታ የለህም፣ የምታገኘው አንድ ጊዜ ብቻ የሚከፈል ዳረጎት ነው አሉኝ። እሺ አልኩ። ክሊራንስ ስጠይቅ ግን 97,100 ብር የመንግሥት ዕዳ አለብህ የሚል ደብዳቤ ሰጡኝ። 4,800 ብር ያልተወራረደ የውሎ አበል፣ 6,300 ብር በስህተት በብልጫ የተከፈለ ደመወዝ፣ 86,000 ብር የሁለት ኮምፒውተርና የአንድ ፕሪንተር ጉድለት። ‹ዕዳዬን አምኜ ከዳረጎቴ ተቆርጦ ለመንግሥት ገቢ እንዲደረግ ተስማምቻለሁ› የሚል ወረቀት አዘጋጅተው ፈርም ይሉኛል። ካልፈረምክ ክሊራንስም የለም፣ ዶሴህም አይላክም ነው የሚሉት። አንዱን ኮምፒውተርና ፕሪንተሩን ለተጠቃሚ ያወጣሁበት የዕቃ ወጪ ደረሰኝ፣ ሞዴል 22፣ በእጄ አለ። ሁለተኛው ኮምፒውተር በ2016 ቢሮው ተሰብሮ ሲዘረፍ የሄደ ነው። ባለቤቴ ፈርምና ተገላገል ትለኛለች። ልጄ እንዳትፈርም ይለኛል። እኔ መሀል ቤት ቀረሁ።»

ጋሼ፣ መልሱን ሳላዞር ልንገርዎ። ያቺን ወረቀት እንዳለች አይፈርሙ። ልጅዎ ልክ ነው። ባለቤትዎም ቢሆኑ ክፉ አልመከሩም፤ በየሳምንቱ እየወጡ ባዶ እጅዎን ሲመለሱ ማየት ሰልችቷቸው ነው። ግን መገላገል የሚባለው ነገር በዚያች ወረቀት ውስጥ የለም።

እኔ እንዲህ ዓይነቱን ወረቀት አውቀዋለሁ። ምክንያቱም ጽፌዋለሁ። ብዙ ዓመት ጎጃም ውስጥ በአንድ ቢሮ ሒሳብ ክፍል ሠርቻለሁ፤ የትኛው ቢሮ እንደሆነ ይቅር። አንድ ጊዜ ልክ እንደ እርስዎ ንብረት ክፍል የነበሩ ሽማግሌ ጡረታ ሲወጡ «ጉድለት ተገኝቶብዎታል» የሚል ደብዳቤ አዘጋጅቼ አስፈረምኳቸው። እሳቸውም «መንግሥት ካለ ይሆናል» ብለው ፈረሙ። ከሦስት ሳምንት በኋላ አንድ አገልግል ይዘው መጡ። ቆዳው የተላላጠ፣ በጠፍር የታሰረ የስንቅ አገልግል። ከፍተው ጠረጴዛዬ ላይ ዘረገፉት። የዐሥራ ምናምን ዓመት ወረቀት ነው፤ በርበሬ በርበሬ ይሸታል። ጎደለ ያልኩትን ዕቃ የወሰደው ሰው የፈረመበት ሞዴል 22 እዚያ ውስጥ ነበር። ዳሩን አይጥ በልቶታል፣ ፊርማው ግን ቁልጭ ብሎ ይነበባል። የእኛ ቅጂ የት እንደገባ እስከ ዛሬ አላውቅም። ያን ፊርማቸውን ለመሻር ስንት ወር እንደፈጀ አልነግርዎትም፣ ያፍሩብኛል።

ስለዚህ ቀስ እንበል።

መጀመሪያ የገንዘቡን ባለቤት እንለይ። ሲሠሩ በየወሩ ከደመወዝዎ 7 በመቶ ይቆረጥ ነበር። መሥሪያ ቤቱ ደግሞ 11 በመቶ ይጨምርበታል። ይህ ገንዘብ ወረዳው ካዝና ውስጥ አልተቀመጠም። የጡረታ ፈንድ ገብቷል። ፈንዱን የሚያስተዳድረው የመንግሥት ሠራተኞች የማኅበራዊ ዋስትና አስተዳደር ነው። ዳረጎትዎን የሚከፍልዎትም እሱ ነው። ወረዳው የእርስዎን ሰነድ አሟልቶ የመላክ ግዴታ አለበት እንጂ በዚያ ገንዘብ ላይ ቆራጭና ፈላጭ አይደለም።

አሁን በሥራ ላይ ያለው የጡረታ አዋጅ ቁጥር 1267/2014 ነው። ከእሱ በፊት የነበረው 714/2003 ነበር። የጡረታ ሕጋችን ከድሮም ጀምሮ አንድ ነገር ይላል፦ የጡረታ መብት ለሌላ አይተላለፍም፣ በዕዳም አይያዝም፣ በፍርድ ቤት ትእዛዝ ካልሆነ በቀር። ፍርድ ቤት ሊያዝ የሚችለውም ለተወሰነ ነገር ነው። አንዱ የመንግሥት መቀጮ፣ ግብርና ሌላ የመንግሥት ዕዳ ነው። ሁለተኛው በሕግ የተወሰነ ቀለብ ነው። እዚህ ላይ ልብ ይበሉ። ቡና ቤት ውስጥ «ጡረታ በምንም አይነካም» የሚልዎት ሰው ግማሹን ብቻ ነው የሚያውቀው። የመንግሥት ዕዳ ከሆነ ይነካል። ግን በዳኛ ፊት አልፎ፣ ዕዳ መሆኑ ተጣርቶ ነው።

ታዲያ ቢሮው ለምን ፍርድ ቤት አይሄድም? ይህን ራሴን ስጠይቅ የኖርኩት ጥያቄ ነው፣ መልሱንም አውቀዋለሁ። ፍርድ ቤት ከሄደ ማስረዳት አለበት። ኮምፒውተሩን መቼ ተረከቡ? ቆጠራው የታለ? ዋጋው በምን ተሰላ? የእርስዎ ፊርማ ካለ ግን ይህ ሁሉ ቀረለት። ፊርማዎ የሚፈለገው ለዚህ ነው።

እኛ ጎጃሞች ወርቅና ሰም አያሳስተንም እንላለን። ዋሸራ አገራችን፣ ዲማ አገራችን። ግን የቢሮ ደብዳቤ ሲሆን ሰሙን ይዘን ወርቁን እንጥላለን። የዚያች ወረቀት ሰም «ከዳረጎቴ ይቆረጥ» ነው። ወርቁ «ዕዳዬን አምኜ» የምትለዋ ናት። በፍትሐ ብሔር ሕጋችን ባለዕዳ ዕዳውን ሲያምን የይርጋ ዘመኑ ይቋረጥና እንደ አዲስ መቆጠር ይጀምራል። ዳረጎቱ ካልበቃም ቀሪውን ከቤትዎ ሊጠይቁ ነው። ደግሞ ንብረት ክፍል ሲገቡ ዋስ አስገብተው ከሆነ፣ እርስዎ ያመኑት ዕዳ ለዋስዎም ሊተርፍ ይችላል። ዋስዎ ማን ነበር? አማችዎ ከሆነ ከመፈረምዎ በፊት ፋሲካ ላይ አብረው እንደሚበሉ ያስቡ።

አሁን 97,100 ብሩን እንበታትነው። አንድ ላይ ተደምሮ ነው ያስፈራዎት። ሦስቱ ዕዳዎች ግን ዘራቸው የተለያየ ነው።

4,800 ብሩ እውነተኛ ሒሳብ ነው። በደብዳቤዎ ገጽ አራት ላይ በ2014 ባሕር ዳር ለሥልጠና ሲሄዱ የወሰዱት ቅድመ ክፍያ እንደሆነ ራስዎ ጽፈዋል። ሄደዋል፣ ሠልጥነዋል፣ ተመልሰዋል። ያላደረጉት ማወራረዱን ነው። በሰውየው ስም ተሰብሳቢ ሆኖ ተመዝግቦ በየዓመቱ ይሸጋገራል፣ ሰውየው ጡረታ ሲወጣ ብቅ ይላል። የሥልጠናው ጥሪ ደብዳቤና ያደሩበትን ቀን የሚያሳይ ማስረጃ ካለዎት ዛሬውኑ ያወራርዱ ዘንድ ይጠይቁ። ከሌለዎት፣ ሥልጠናውን ከሰጠው ክፍል የተሳታፊ ዝርዝር ያስወጡ። ይህም ካልሆነ፣ እኔ ብሆን እከፍላለሁ። ከዳረጎት ሳይሆን በጥሬ፣ ሒሳብ ክፍል ሄጄ፣ የገቢ ደረሰኝ ተቀብዬ። አንዷ ስትዘጋ ቢሮውም «ይህ ሰው መክፈል የማይፈልግ ነው» የሚል አፍ አይኖረውም።

6,300 ብሩ ላይ ሊናደዱ ይችላሉ። «እነሱ ተሳስተው እኔ ልቀጣ?» ብለዋል። ልክ ነው፣ ስህተቱ የእነሱ ነው። ገንዘቡ ግን የእርስዎ አልነበረም። ያለ አግባብ የተቀበሉትን መመለስ ሕግም ያዛል። ሆኖም መመለስ ያለብዎ ኪስዎ የገባውን ነው። ደብዳቤው 900 ብር በ7 ወር አባዝቶ 6,300 ይላል። እንደ ሒሳብ ሠራተኛ ልንገርዎ፤ ይህ ያልተጣራው ነው። ከዚያ 900 ላይ የሥራ ግብር ተቆርጧል። 7 በመቶ የጡረታ መዋጮም ተቆርጧል፣ እሱ ብቻ በወር 63 ብር ነው። ግብሩ ገቢዎች ሄዷል፣ መዋጮው ፈንዱ ሄዷል። እርስዎ ያላዩትን ብር ለምን ይመልሳሉ? የሰባቱን ወር የደመወዝ መክፈያ ዝርዝር ኮፒ ይጠይቁና የተጣራው ልዩነት ተሰልቶ ይሰጥዎት። ከዚያ በኋላ በየወሩ ከፋፍዬ ልክፈል ቢሉ ነውር የለውም። ሥራ ላይ ያለ ሰው እንኳ ከደመወዙ በወር ከሲሶ በላይ አይቆረጥበትም። ጡረተኛን አንድ ጊዜ በሚያገኛት ዳረጎት ላይ ጠቅልሎ መውሰድ ርኅራኄ የጎደለው አሠራር ነው።

86,000 ብሩ ግን ዕዳ አይደለም። ገና ክስ ነው፣ ክስም ከተባለ።

የመንግሥት ሠራተኛ በእጁ ለጠፋ ንብረት የሚጠየቀው ሆን ብሎ ወይም በቸልተኝነት ሲያጠፋው ነው። ዕቃ አለመኖሩ ብቻ በቂ አይደለም። አንዱን ኮምፒውተርና ፕሪንተሩን እንይ። በሞዴል 19 ገባ፣ በሞዴል 22 ወጣ፣ የወሰደው የክፍል ኃላፊ ፈረመ። ከዚያች ፊርማ በኋላ ዕቃው የንብረት ክፍሉ አይደለም፣ የተጠቃሚው ነው። የዕቃው ገቢና ወጪ በሚጻፍበት ቢን ካርድ ላይም ወጪ ሆኖ መመዝገብ አለበት። ካልተመዘገበ ያ የመዝገብ ስህተት ነው፣ እሱን ይመኑላቸው፣ ይቅርታም ይጠይቁ። ኮምፒውተሩን ግን ከፈረመው ሰው ይፈልጉት። ኃላፊው ዛሬ ሌላ ወረዳ ተዛውሯል ብለዋል። እንግዲህ ምናልባት እርስዎ ዘንድ የመጡት ቅርብ ስለሆኑ ይሆናል። በእኔ ጊዜም እንደዚያ ነበር፤ የሄደው ሰው ስልክ አያነሳም፣ ጡረታ የሚወጣው ሰው ግን በራሱ እግር ይመጣል።

ሁለተኛው ኮምፒውተር ይለያል። በ2016 ጸጥታው በተናጋበት ጊዜ ቢሮው መሰበሩን ከተማው ሁሉ ያውቃል ይላሉ። ጋሼ፣ ከተማ ማወቁ ማስረጃ አይሆንም። ያኔ የተያዘ ቃለ ጉባኤ ይኖራል። ኮሚቴ ተቋቁሞ የተዘረፈውን መዝግቦ ይሆናል፣ ወይም ለፖሊስ የቀረበ ሪፖርት ይኖራል። ያንን ቁጥርና ቀን ይያዙ። ቢሮው ራሱ ለበላይ አካል «ተዘረፍን» ብሎ የጻፈው ደብዳቤ ካለ ደግሞ ሌላ አያስፈልግዎትም። ለበላይ ተዘረፈ ብሎ ለእርስዎ አጎደልክ ማለት አይችልም። እንዲሁም የበጀት ዓመት መዝጊያ ቆጠራዎችን ይጠይቁ። የሰኔ 30 ቀን 2015 ቆጠራ ላይ ኮምፒውተሩ «አለ» ተብሎ ከተፈረመ፣ እስከዚያ ቀን ድረስ በሰላም ጠብቀውታል ማለት ነው።

ዋጋውስ? 86,000 ብር ከየት መጣ? እንደ ደብዳቤዎ ከሆነ ዕቃዎቹ የተገዙት በ2009 ነው። እንደሚገባኝ የዛሬ የገበያ ዋጋ ጠይቀው ነው የጻፉት። ስምንት ዓመት ያገለገለ፣ ፊደሉ ከኪቦርዱ የጠፋ ኮምፒውተር በአዲስ ዋጋ አይተመንም። ምናልባት ጥፋተኛ ቢባሉ እንኳ የእርጅና ቅናሽ ተሰልቶ ነው። ይህን በጽሑፍ ይጠይቁ፦ የተገዛበት ዋጋ፣ የተገዛበት ቀን፣ አሁን በመዝገብ ያለው ዋጋ።

አሁን ወደ ዋናው ልምጣ። ደብዳቤዎን ሁለት ጊዜ አንብቤ ሦስተኛው ላይ ነው የታየኝ። እርስዎ በአንድ መስመር አልፈውታል፣ ቢሮውም አልጠየቀዎትም።

ቡሬ ፋብሪካው ጋ ከ2004 እስከ 2006 ሲሠሩ ከደመወዝዎ ጡረታ ይቆረጥ ነበር?

ጠይቄ መልስ እስኪመጣ ዓምዱ ስለማይጠብቅ እንደሚቆረጥ አድርጌ ልናገር። የግል ድርጅት ሠራተኞች በጡረታ የታቀፉት በ2003 በወጣው አዋጅ ቁጥር 715 ነው። በጡረታ ታቅፈው የሠሩበት የግል ድርጅት አገልግሎት ከመንግሥት አገልግሎትዎ ጋር ይደመራል። የኮንትራቱ ሁለት ዓመት አይረዳዎትም፣ ጡረታው የቋሚ ሠራተኛ ነውና። ፋብሪካው ግን ይረዳዎታል። ዘጠኝ ላይ አንድ ዓመት ብቻ ቢደመር ዐሥር ሞላ። ዐሥር ከሞላ ደግሞ የሚያገኙት አንድ ጊዜ ተከፍሎ የሚያልቅ ዳረጎት አይደለም። በሕይወት እስካሉ በየወሩ የሚከፈል የጡረታ አበል ነው። እርስዎ ቢያልፉ ለባለቤትዎ ይተርፋል። «ፈርምና ተገላገል» ያሉት እሳቸው መሆናቸውን ሳስብ ትንሽ ደነገጥኩ። ይህችን መስመር ጮክ ብለው ያንብቡላቸው።

እና ያች ወረቀት «ከዳረጎቴ» ትላለች። ዳረጎት መሆኑንም አብረው ሊያምኑ ነበር።

ስለዚህ ቅደም ተከተሉን ልቀይርብዎ። ነገ ጠዋት ወረዳው ጋ አይሂዱ። ቡሬ ይሂዱ። በደንበጫና በፍኖተ ሰላም አድርገው በጊዜ ከወጡ ከምሳ በፊት ይደርሳሉ። ፋብሪካው ባለቤት ቀይሮም ቢሆን የሰው ኃይል ክፍሉ ዶሴ ይኖረዋል። የሚፈልጉት የተቀጠሩበትና የለቀቁበት ቀን፣ የመጨረሻ ደመወዝዎ፣ መዋጮ ይቆረጥ እንደነበር የሚገልጽ የአገልግሎት ማስረጃ ነው። የያኔው የጡረታ መለያ ቁጥርዎ ካለም ይያዙት። ድሮ የፔይሮል ቁራጭ ወረቀት ቤት ውስጥ የሚያስቀምጡ ሰው ይመስሉኛል። ሣጥኑን ይፈትሹ። በፋብሪካው ዘመን የተገባው መዋጮ ያለው በግል ድርጅቶች ሠራተኞች ማኅበራዊ ዋስትና አስተዳደር ዘንድ ነው፤ ድርጅቱ ወረቀት ቢነፍግዎ እዚያ መጠየቅ ይቻላል።

ከዚያ ወደ ወረዳው የሚያስገቡት ማመልከቻ አጭር ይሁን። ሮሮ አይበዛበት። እኔ ብሆን እንዲህ እጽፋለሁ፦

«በቁጥር እንዲህ በተጻፈ ደብዳቤ የተገለጸልኝን በተመለከተ፦ ያልተወራረደውን 4,800 ብር በማስረጃ ለማወራረድ ወይም ለመክፈል ዝግጁ ነኝ። በብልጫ ተከፈለ የተባለው የተጣራ መጠኑ ተሰልቶ እንዲገለጽልኝ እጠይቃለሁ። የንብረት ጉድለቱን አላምንም፤ ምክንያቴንና የሞዴል 22 ቅጂ አያይዣለሁ። ቢሮው ጉድለቱ የእኔ ነው የሚል ከሆነ በሕግ አግባብ እንዲጠይቀኝ፣ እስከዚያው ግን የጡረታ ሰነዴ ሳይዘገይ እንዲላክልኝ እጠይቃለሁ። የግል ድርጅት አገልግሎቴ እንዲደመርም ማስረጃ አቅርቤያለሁ።»

ሦስት ቅጂ ያድርጉት። አንዱ ላይ መዝገብ ቤት ገቢ የሆነበትን ቁጥር፣ ቀንና ማኅተም አስደርገው ይዘውት ይመለሱ። ግልባጭ ለዞኑ ሲቪል ሰርቪስና ለዞኑ ገንዘብ መምሪያ ይላኩ። ግልባጭ ትንሽ ነገር ይመስላል፤ ወረዳ ላይ ግን ሥራ ይሠራል። በአፍ «አንልክም» ካሉዎት በጽሑፍ ይስጡኝ ይበሉ። በጽሑፍ «አንልክም» የሚል ኃላፊ ብዙ አላየሁም።

ይህም ካልሠራ ሁለት በር አለ። የኢትዮጵያ ሕዝብ እንባ ጠባቂ ተቋም ባሕር ዳር ቅርንጫፍ አለው፤ የአስተዳደር በደል አቤቱታ የሚቀበለው በነጻ ነው። የማኅበራዊ ዋስትና አስተዳደሩ ራሱ በአገልግሎት ዘመንዎ ላይ የማይስማሙበትን ውሳኔ ከሰጠ ደግሞ የማኅበራዊ ዋስትና ይግባኝ ሰሚ ጉባኤ አለ። ለሁለቱም ቀን ይቆጠራል፣ አይዘግዩ።

አንድ ነገር ግን ልለምንዎ። ቢሮው ውስጥ ካለች ሒሳብ ሠራተኛ ጋር አይጣሉ። «ያች ልጅ ናት ያሠረችኝ» ብለው ጽፈዋል። እኔም ያን ጊዜ ያች ልጅ ነበርኩ። የታዘዘችውን ነው የጻፈችው። የደመወዝ ዝርዝሩን ኮፒ የምታወጣልዎትም እሷ ናት።

ኦሪጅናሉን ሞዴል 22 ግን ለማንም አይስጡ። ለእሷም ቢሆን። ያሳዩ፣ ያመሳክሩ፣ ፎቶ ኮፒውን ትተው ኦሪጅናሉን ይዘው ይውጡ።